ታጋቾቹ ማንን አነገሡ? ከቴህራን እስከ መቅደላ



ሰሞኑን ከመግሪብ በኋላ ዒሻን እየጠበቅን ሳለ በወጣቶቻችን መካከል ክርክር ተነሣ። እኛ ያለንበት እንዳ ኢየሱስ የዩኒቨርሲቲው ዋና ግቢ ያለበት ሰፈር ነውና ተማሪ አይጠፋም፤ ተማሪ ካለ ደግሞ ክርክር አይጠፋም። አንዱ "በ1979 የቴህራን ተማሪዎች ኤምባሲ ይዘው የአሜሪካን ፕሬዚዳንት ከወንበሩ አወረዱት" አለ። ሌላው ጥቂት ዝም ብሎ ቆየና "እሺ፣ ማንን አስቀመጡበት?" ብሎ ጠየቀው። አዛን ሆነና ነገሩ እዚያው ቀረ። እኛን ግን ሁለተኛው ጥያቄ አልለቀቀንም። መልሱን ስንፈልግ ከቴህራን ተነሥተን የደረስነው ወደ ገዛ ኮረብታችን፣ ከዚያም አልፎ ወደ መቅደላ ሆነ። ዛሬ በዚያው መንገድ ይዘናችሁ እንጓዛለን ኢንሻአላህ።

መጀመሪያ ቴህራን። እ.ኤ.አ ኖቬምበር 4 ቀን 1979 የኢራን ተማሪዎች የአሜሪካን ኤምባሲ አጥር ዘለው ገብተው 66 ሰዎች ያዙ። የቅርቡ ምክንያት በአብዮቱ የተባረረው ሻህ ለሕክምና አሜሪካ መግባቱ ነበር። የሩቁ ምክንያት ግን በ1953 አሜሪካና እንግሊዝ በስለላ ድርጅቶቻቸው አማካይነት ጠቅላይ ሚኒስትር ሙሰዲቅን ገልብጠው ሻሁን ማጠናከራቸው ነው። ቂሙ እውነተኛ ነበር፤ ይህን መካድ አይቻልም። ከታጋቾቹ ሴቶችና ጥቁር አሜሪካውያን የሆኑ 13ቱ በዚያው ወር ተለቀቁ። 52ቱ ግን 444 ቀን ቆዩ።

ብዙ ሰው የማያውቀው፣ እገታው በመጀመሪያ ፕሬዚዳንት ካርተርን የጠቀመ መሆኑን ነው። ሕዝብ በጭንቅ ጊዜ መሪውን ይከባልና ከጥቂት ወራት በፊት የወደቀው ተወዳጅነቱ በሳምንታት ውስጥ ሽቅብ ወጣ። በገዛ ፓርቲው ውስጥ ሴኔተር ኤድዋርድ ኬኔዲ ሊወዳደረው ተነሥቶ ነበር። ካርተር "ወገኖቼ ታስረው ለምርጫ ቅስቀሳ አልዞርም" ብሎ ቤተ መንግሥቱ ተቀመጠና ኬኔዲን አሸነፈው። በዊስኮንሲን የፓርቲው ምርጫ ዕለት ማለዳ ደግሞ ብቅ ብሎ ከቴህራን መልካም ምልክት እንዳለ ተናገረ። ምርጫውን አሸነፈ፤ መልካሙ ምልክት ግን ወሬ ሆኖ ቀረ። ከዚያ በኋላ ሰዎች ቃሉን በጥርጣሬ መስማት ጀመሩ።

የታጋቾቹን ጉዳይ የራሱ ማዕረግ መለኪያ ያደረገው ራሱ ካርተር ነው። ቴሌቪዥኑም አገዘበት። አንድ ጣቢያ በየማታው ስለ እገታው ብቻ የሚያወራ ፕሮግራም ከፈተ፤ በሌላው ደግሞ ስመ ጥሩው ዜና አንባቢ ዋልተር ክሮንካይት ዜናውን ሲዘጋ የእገታውን ቀን ይቆጥር ነበር። እስቲ አስቡት፦ በየቀኑ ማታ አንድ ቁጥር በአንድ ይጨምራል፣ በየቀኑ መንግሥት አንድ ቀን ያረጃል። በኤፕሪል 1980 በሄሊኮፕተር ለማስለቀቅ ተሞከረ። ከ8ቱ ሄሊኮፕተሮች 3ቱ በመንገድ ተበላሹና ዘመቻው በረሃ ላይ ተሰረዘ። ሲመለሱም አንዱ ሄሊኮፕተር ከአውሮፕላን ጋር ተጋጭቶ 8 ወታደሮች ሞቱ። ዘመቻውን የተቃወሙት የውጭ ጉዳይ ሚኒስትሩ ሳይረስ ቫንስ ሥራቸውን ለቀቁ።

የምርጫው ቀን የዋለው ኖቬምበር 4 ቀን 1980 ነው፤ እገታው ልክ አንድ ዓመት የሞላበት ዕለት! ሬጋን 44 ግዛቶችን ወስዶ 489 ለ49 በሆነ የወኪል መራጮች ድምፅ አሸነፈ። ይህን ሁሉ ታጋቾቹ አመጡት ካልን ግን እንዋሻለን። የኑሮ ውድነቱ በዓመት ከ13 በመቶ አልፎ ነበር፤ ሬጋን ከምርጫው ሳምንት በፊት በተደረገው ክርክር ሕዝቡን የጠየቀው ስለ ኪሱ እንጂ ስለ ቴህራን አልነበረም። የእኛ ግምት እንዲህ ነው፦ ሰው በኑሮው ቢማረር ጥፋቱን በብዙ ነገር ላይ ያሳብባል፤ በየማታው የሚቆጠረው ቁጥር ግን ምሬቱን ሁሉ ሰብስቦ "ይህ ሰውዬ አቅም የለውም" በሚል አንድ ፍርድ ውስጥ ከተተው።

ኢራንስ ምን አገኘች? በአልጀሪያ ሽምግልና ስምምነቱ የተፈረመው በጃንዋሪ 19 ቀን 1981 ነው። የኢራን ታግዶ የነበረ ወደ 8 ቢሊዮን ዶላር ተለቀቀ ቢባልም አብዛኛው ለባንክ ዕዳና ለማስያዣ ሄዶ እጇ የገባው ከ3 ቢሊዮን ያነሰ ነው። ታጋቾቹ የተለቀቁት በማግሥቱ፣ ሬጋን ቃለ መሐላውን በፈጸመ በደቂቃዎች ልዩነት ነው። ካርተር እስከ መጨረሻዋ ሌሊት እንቅልፍ አጥቶ የደከመበትን ደስታ ሌላው ምሳ ላይ ሆኖ አበሠረው። አዲሱ መንግሥት ደግሞ ኢራንን በወረረችው ኢራቅ ጎን አዘነበለ፤ በ1988 የአሜሪካ የጦር መርከብ የኢራንን የመንገደኞች አውሮፕላን መትቶ 290 ሰው አለቀ። የተማሪያችን ጥያቄ መልስ ይኸው ነው። አላህ ይዘንላቸው።

በነገራችን ላይ "በሸሪዓችን እንዲህ ማድረግ እንዴት ይታያል?" ላላችሁን፣ ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) ከቁረይሽ በመልእክተኛነት የመጣውን አቡ ራፊዕን ያደረጉት ይበቃል። ሰውየው መዲና ደርሶ ልቡ ወደ እስልምና ሲያዘነብል መመለስ አልፈልግም አለ። እሳቸው ግን ቃል ኪዳን እንደማያፈርሱ፣ መልእክተኛንም እንደማያስቀሩ ነግረው ወደ ላኩት ሰዎች እንዲመለስ፣ ያው ስሜት ካልለቀቀው ከዚያ በኋላ እንዲመጣ አዘዙት። በገዛ ፈቃዱ መቅረት የፈለገ መልእክተኛ እንኳ እንዲህ ተመለሰ።

አሁን ወደ ኮረብታችን። እንዳ ኢየሱስ ላይ ቆሞ መቐለን ቁልቁል ያየ ሰው፣ ጣሊያኖች በ1888 ዓ.ም. ምሽጋቸውን ለምን እዚህ እንደሠሩ ወዲያው ይገባዋል። ከአምባ አላጌ ድል በኋላ የኢትዮጵያ ጦር መጥቶ ከበበው። ሻለቃ ጋሊያኖ ከአንድ ሺህ በላይ ሰው ይዞ ከውስጥ ነው። በእቴጌ ጣይቱ ምክር የውሃ ምንጩ ተያዘ፤ ጥር ላይ ምሽጉ በጥም እጁን ሰጠ። አፄ ምኒልክም ሰዎቹን ከነመሣሪያቸው እንዲወጡ ፈቀዱ።

ለጋስነት ብቻ አልነበረም። የተለቀቀው ጦር ከንጉሡ ሠራዊት ጋር አብሮ ወደ ሰሜን ሲጓዝ ጣሊያኖች ሊተኩሱ አልቻሉም፤ የራሳቸው ሰዎች ከፊት ናቸውና። በዚያ ሽፋን ሠራዊቱ ወደ ሐውዜንና ወደ ዓድዋ አቅጣጫ ዞረ። ሮም ውስጥ ደግሞ ጋዜጦች ጋሊያኖን ጀግና አድርገውት ስለነበር ጠቅላይ ሚኒስትሩ ክሪስፒ የእንዳ ኢየሱስን ውርደት በአንድ ትልቅ ድል መሰረዝ ፈለገ፤ ጄኔራል ባራቲዬሪን በቴሌግራም ወጥሮ ያዘው። ውጤቱ የካቲት 23 ቀን ዓድዋ ላይ ታየ። ጋሊያኖም እዚያው ሞተ፤ ክሪስፒም በቀናት ውስጥ ወደቀ።

ክሪስፒን ተክቶ የመጣው ዲ ሩዲኒ ነው። አዲስ አበባ ውስጥ ወደ 1,900 የሚጠጉ ጣሊያናውያን ምርኮኞች ነበሩ። የካቶሊኩ ጳጳስ ሊዮ 13ኛ መልእክተኛ ልከው ቢለምኑም ምኒልክ አልለቀቁም፤ የጣሊያን ባሕር ኃይል ለኢትዮጵያ መሣሪያ የጫነች የሆላንድ መርከብ በዚያው ሰሞን ይዞ ስለነበር። በመጨረሻ እ.ኤ.አ ኦክቶበር 26 ቀን 1896 የአዲስ አበባ ውል ተፈረመ፤ የውጫሌው ውል ተሰረዘ፤ የምርኮኞቹም ጉዳይ በዚያው ዕለት ተቋጨ። አምስት ወር ሳይሞላ፣ በማርች 1897፣ ጣሊያን ምርጫ አደረገች፤ የሩዲኒ ወገን አሸነፈ። ጦርነቱን ያልጀመረው ሰው ምርኮኞቹን መላሽ ሆኖ ለምርጫ ቀረበ ማለት ነው።

ስለ ዓድዋ ምርኮኞች ሲነሣ አንድ ነገር ሳንናገር ብናልፍ ሕሊናችን አይፈቅድም። በጳጳሱ ደብዳቤ የሚለመንላቸው፣ በጋዜጣ የሚቆጠሩት ነጮቹ ነበሩ። ለጣሊያን የተዋጉት የሀገሬው አስካሪዎች፣ ክርስቲያኑም ሙስሊሙም፣ ከተማረኩት ብዙዎቹ ቀኝ እጃቸውና ግራ እግራቸው ተቆረጠ። በእነሱ ስም የተጨነቀ የምርጫ ጣቢያ የለም።

የተቆጠረና ያልተቆጠረ ምርኮኛ የሚለው ነገር ወደ መቅደላ ይወስደናል።

አፄ ቴዎድሮስ በ1855 ዓ.ም. መጀመሪያ ለእንግሊዟ ንግሥት ቪክቶሪያ ደብዳቤ ጻፉ። ወዳጅነት፣ ባለሙያ፣ በቱርክ ላይ ድጋፍ ፈልገው ነው። ደብዳቤውን የላኩት በቆንስል ካሜሮን በኩል ነበር። ለንደን የደረሰው ደብዳቤ ግን የውጭ ጉዳይ መሥሪያ ቤት መዝገብ ውስጥ ገብቶ መልስ ሳያገኝ ተቀመጠ። ካሜሮን መልስ ሳይዝ፣ ይባስ ብሎ በግብፆች እጅ ወደነበረው የሱዳን ድንበር ሄዶ ሲመለስ ንጉሡ ተናደዱ፤ እ.ኤ.አ በጃንዋሪ 1864 በሰንሰለት አሰሩት። ሚስዮናውያኑም ታሰሩ። መልሱን ይዞ በኋላ የተላከው ሆርሙዝድ ረሳም የሞሱል ተወላጅ ነው፤ ምጽዋ ላይ ከአንድ ዓመት በላይ ደጅ ጠንቶ ንጉሡ ዘንድ ደረሰ። መጀመሪያ በክብር ተቀበሉት፤ እስረኞቹም ተፈቱ። ሚያዝያ ላይ ግን ረሳም ራሱ ጭምር ተይዞ ሁሉም ወደ መቅደላ ተላኩ። የአቡ ራፊዕን ታሪክ እዚህ ላይ አስታውሱት።

መቅደላ ላይ ግን ከፈረንጆቹ በፊት የታሰሩ ነበሩ። ከእነሱ አንዱ የሸዋው ልጅ ምኒልክ፣ ሌላው የወሎዋ ሙስሊም ገዥ የወይዘሮ ወርቂት ልጅ አመዴ ነበር። በ1857 ዓ.ም. ክረምት ምኒልክ ከመቅደላ አመለጠና በወርቂት ግዛት ለማለፍ መጣ። የእናትየውን ሁኔታ አስቡት፦ ልጇ በንጉሡ እጅ ነው፤ ንጉሡ የሚፈልገው ሰው ደግሞ በእሷ እጅ ገብቷል። ምኒልክ ወደ ሸዋ አለፈ። ቴዎድሮስ ይህን ሲያዩ አመዴንና ሌሎች የወሎ እስረኞችን አስገደሉ፤ ገደል ተወረወሩ። በአንዲት ሙስሊም እናት ደጃፍ ያለፈው ያ ወጣት ነው በኋላ የሸዋ ንጉሥ፣ ከዚያም ንጉሠ ነገሥት የሆነው። የኢትዮጵያን አልጋ ወራሽ በመያዣ ፖለቲካ ከወሰኑት ቀኖች አንዱ ያ ቀን ነው። በትምህርት ቤት ስለ ካሜሮን ስንማር ስለ አመዴ የሰማን ስንቶቻችን ነን?

ለንደን ውስጥ የተቆጠሩት እነ ካሜሮን ናቸው። ጋዜጦች ጮኹ፣ ምክር ቤቱ ጠየቀ፤ የሎርድ ደርቢ መንግሥት በ1867 ጦር ለመላክ ወሰነ። ጄኔራል ናፒየር ከህንድ 13,000 ወታደር፣ 44 ዝሆን፣ የባቡር ሐዲድ ሳይቀር ይዞ ዙላ ላይ አራገፈ። ለቀለብና ለጭነት የሚከፍለው በማርትሬዛ ብር ነበር። መንገዱም በእኛው ሀገር ነው፦ ሰንዓፌ፣ ዓዲግራት፣ ከዚያ ከመቐለ በስተደቡብ ያለችው ሕንጣሎ ላይ ትልቅ የስንቅ ሰፈር።

በዚህ መንገድ ላይ የቆመው ሰው ደጃዝማች ካሳ ምርጫ ነው። (የአባታቸው ስም ከርዕሰ ጉዳያችን ጋር መግጠሙ አጋጣሚ ነው፤ ድምፅ የሰጠ ሰው አልነበረም።) ካሳ ቴዎድሮስን ከድተው ትግራይን በእጃቸው አድርገዋል፤ ግን ከጎናቸው ብዙ ሠራዊት ያለው ዋግሹም ጎበዜ አለ። እ.ኤ.አ ፌብሩዋሪ 25 ቀን 1868 ካሳ ሐውዜን አካባቢ ከናፒየር ጋር ተገናኙ። ገበያ ይከፈትለታል፣ እህል ይሸጥለታል፣ መንገዱ አይነካም። በዚህ ሁሉ ካሳ በቴዎድሮስም በእስረኞቹም ላይ እጃቸው የለበትም።

ቴዎድሮስ እስረኞቹን እንደ መያዣ ቆጥረው ነበር። መያዣ ግን የሚሠራው እስካልተነካና እስካልተለቀቀ ድረስ ነው። ሚያዝያ ላይ፣ ጦርነቱ ሊጀመር ሲል፣ የሀገሬውን እስረኞች በመቶ እየቆጠሩ ከገደል አስወረወሩ። እሮጌ ላይ ከተሸነፉ በኋላ ፈረንጆቹን ለቀቁ፤ ዕርቅ ይገኛል ብለው ነው። ናፒየር ግን ሰዎቹን ከተረከበ በኋላም እጅዎን ይስጡ አለ። በዙሪያውም የወሎ ሰዎች መውጫውን ይዘዋል፤ ወሎ አመዴን አልረሳም ነበርና። ሚያዝያ 6 ቀን 1860 ዓ.ም. ንጉሡ ራሳቸውን ገደሉ።

ለንደን ደስ አላት። ጠቅላይ ሚኒስትርነቱን በየካቲት የተረከበው ዲዝራኤሊ ታጋቾቹን አንድም ሳይጎድል አስመለሰ፤ ካርተር ያጣው ሁሉ ተሳካለት። እንግዲህ ምርጫውን ያሸንፋል ማለት ነው? በኖቬምበር 1868 ምርጫ ሆነና ተሸነፈ! ሕዝቡ የተነጋገረው ስለ አየርላንድ ቤተ ክርስቲያን ነበር፤ ብዙ አዲስ መራጮችም ተጨምረው ነበር። መቅደላ ትዝ ሲልም በሒሳቡ ነው፦ 2 ሚሊዮን ፓውንድ ይበቃል የተባለው ዘመቻ ወደ 9 ሚሊዮን ተጠግቶ የገቢ ግብር እንዲጨመር አድርጎ ነበር። ወንበሩን ግላድስቶን ወሰደው። ታጋች ማስመለስ ያቃተው ተሸነፈ፤ ያስመለሰውም ተሸነፈ። ይህን ስናነብ እኛም ተገርመናል። እገታው የካርተርን ምርጫ የበላው ቁጥሩ እስከ ምርጫው ማለዳ ድረስ ስለቆጠረ ነው፤ የመቅደላው ደስታ ግን በሚያዝያ አልቆ ለኅዳር አልደረሰም።

በእኛ ሀገር ያተረፉት ካሳ ናቸው። ናፒየር ሲመለስ 12 መድፍና ከ800 በላይ ጠመንጃ ከነጥይቱ ሰጥቷቸው ሄደ። ዋግሹም ጎበዜም መንገድ ሳይዘጋ ማለፊያ ሰጥቶ ነበር፤ ለእሱ ግን መድፍ አልደረሰውም። ጎበዜ ተክለ ጊዮርጊስ ተብሎ ቢነግሥም በጁላይ 1871 ዓድዋ አጠገብ አሰም ላይ በቁጥር ከእሱ እጅግ ባነሰው በካሳ ጦር ተያዘ። ካሳ በጃንዋሪ 1872 አክሱም ላይ አፄ ዮሐንስ 4ኛ ተብለው ነገሡ፤ በኋላም መቐለን መናገሻ አደረጉ። ዛሬ የምንኖርባት ከተማ ከተማ የሆነችው በዚህ መንገድ ነው ብንል አልተሳሳትንም።

ያ መሣሪያ ምን ሠራ ብትሉ፣ ሁለት ነገር እንንገራችሁ፤ አንዱን ወስዶ ሌላውን መደበቅ አማና አይደለም። በጉንደትና በጉራዕ የግብፅን ጦር መለሰ፤ ሀገር ቀረች። በ1870 ዓ.ም. ደግሞ ቦሩ ሜዳ ላይ የወሎ ሙስሊሞች እንዲጠመቁ ታዘዘ። ኢማም ሙሐመድ ዓሊ ሚካኤል ተባሉ፤ እነ ሸኽ ጦልሐ ቢን ጃዕፈር አሻፈረኝ ብለው ተነሡ፤ ብዙ ቤተሰብ ሀገሩን ጥሎ ተሰደደ። ከመካከላችሁ አያቶቻችሁ የዚያን ዘመን ስደት ያወሩላችሁ ትኖራላችሁ። አንድ መልስ ያላገኘ ደብዳቤ ስንት ቤት ውስጥ እንደገባ አስቡት።

የቴዎድሮስ ቤተሰብስ? ናፒየር ሲመለስ እቴጌ ጥሩወርቅንና የሰባት ዓመት ልጃቸውን ዓለማየሁን ይዞ ነበር። እቴጌዋ በመንገድ ታመው በእኛው በእንደርታ ሞቱ፤ የተቀበሩት ከመቐለ ብዙም በማትርቀው ጨለቆት ነው። ልጁ ወደ እንግሊዝ ሄደ። ሀገሬ ልመለስ እያለ በ1879 በ18 ዓመቱ ሞተና ዊንድሰር ቤተ መንግሥት ተቀበረ። ታጋቾቹን ለማስለቀቅ በሄደ ጦር የተወሰደ ልጅ ነው። በ2023 አጽሙ እንዲመለስ ዘመዶቹ ሲጠይቁ የእንግሊዝ ቤተ መንግሥት አይሆንም አለ።